ባለ ሜትሩ ኤልድን እና የአግነስ ድርቆሽ

ከአንድ በላይ መንገድ ያለው መንደር ሁሉ ሕግ የሚያውቅ አንድ ሰው አለው። ጠበቃ ማለቴ አይደለም፤ ጠበቃ ሕግ የሚያወራው ሲከፈለው ነው። እኔ የምለው በነፃ የሚያወራውን ነው። ነዳጅ ልትቀዳ ስትቆም ከኋላህ መጥቶ ጉሮሮውን የሚጠርገውን፣ "ይቅርታ አድርግልኝና ይኼ ነገር…" ብሎ የሚጀምረውን፣ ነዳጁ ሞልቶ ጫማህ ላይ እስኪፈስ ድረስም የማይጨርሰውን። እሱን ሸሽተህ ሌላ መንደር ብትገባ፣ እዚያም ወንድሙ ቆሞ ይጠብቅሃል።

የእኛ መንደር ድርሻ ክቡር አቶ ኤልድን ዶልዛል ናቸው። ሰባ ሁለት ዓመታቸው ነው። ሠላሳ አንድ ዓመት ሙሉ ለአውራጃው መንገድ ሥራ ግሬደር ነድተዋል፤ በዚህ ሜዳ ላይ እሳቸው ያልፋቁት የጠጠር መንገድ የለም። ጡረታ ሲወጡ ግሬደሩን አስረከቡ እንጂ መንገዱን አላስረከቡም። በሸሚዛቸው ግራ ኪስ በላስቲክ የተሸፈነ የሕግ ቅጂ፣ በቀኝ ኪሳቸው ተጠቅላይ ሜትር ይዘው ይዞራሉ፤ አልጋ ውስጥም አያወልቋቸውም ይባላል።

ሕጉ የማሳ መኪናን የሚመለከት ነው። በር የላትም፤ ከባጃጅ ትከሻዋ ይሰፋል፤ ሁለት ሰው ጎን ለጎን ታስቀምጣለች፤ ጎማዋ ጥርሳም፣ ከኋላዋም ትንሽ መጫኛ ያላት ነገር ናት። የተሠራችው ለጭቃና ለከብት በረት ነው። እኛ ግን ፖስታ ቤትም፣ ቤተ ክርስቲያንም፣ ቀብርም በእሷው ነው የምንሄደው። ሕጉ አይከለክልም፤ የእኛ አውራጃ ሕግ ጠባዩ "አዎ፣ ግን…" ማለት ነው። ፀሐይ ወጥታ እስክትጠልቅ ድረስ ብቻ። በሰዓት ከሠላሳ ማይል ሳያልፉ። በጠራራ ፀሐይም መብራት አብርተው። ብርቱካናማ ባንዲራ በረጅም ዘንግ ሰቅለው። መንጃ ፈቃድ ይዘው። አውራ ጎዳናው ላይ መሄድ ክልክል ነው፤ ማቋረጥ ይፈቀዳል፣ ያውም ቀጥ ብሎ፣ ያውም ሙሉ በሙሉ ቆሞ።

ይቺን "ሙሉ በሙሉ" የምትለውን ክቡርነታቸው ሲናገሯት ከረሜላ እንደሚመጥ ሰው ነው። "ቀዝቀዝ ማድረግ መቆም አይደለም" ይላሉ። "ጎማው ካልሞተ አልቆምክም።"

እሑድ እሑድ ከቅዳሴ ስንወጣ ቤተ ክርስቲያኑ ደጅ የቆሙትን የማሳ መኪናዎች የባንዲራ ዘንግ አንድ በአንድ ሲለኩ እናገኛቸዋለን። ቄሱን እንኳ አልማሩም። "አባ፣ ይቅርታ ያድርጉልኝና ይኼ ነገር አራት ጣት አጥሯል።" የሟች አስከሬን ይዘን በምንሄድበት ቀን ሰልፉን ዞረው የማን መብራት እንዳልበራ መዝግበዋል። የራሳቸው የማሳ መኪና ግን ምን ልበላችሁ፣ መስታወቱ፣ ጥሩምባው፣ መብራቱ፣ ባንዲራው ተሟልቶ ቆማ ስትታይ ልትዳር የተሰናዳች ትመስላለች።

ከሕጉ ውስጥ አንዲት ቀዳዳ አለች፤ የመንደራችን ሕይወት የሚያልፈው በእሷ ነው። ለእርሻ ሥራ የሚሄድ ሰው ከባንዲራውም፣ ከመድን ወረቀቱም፣ ከብዙው ጣጣ ነፃ ነው። ስለዚህ እያንዳንዳችን መጫኛው ላይ አንድ እስር ድርቆሽ አለን። የእኔዋ እስር ሦስት ዓመቷ ነበር። ቦሁስ መጠጥ ቤት ከእኔ እኩል ተመላልሳለች፣ ሁለት ክርስትናና አንድ ሠርግ ተገኝታለች፣ ቀለሟ አመድ መስሎ አንድ በጋ ድንቢጥ ፈልፍላባታለች። የአውራጃው ፖሊስ፣ ምክትል ሸሪፉ ዳሬል፣ ሲያስቆመኝ ጨዋታው አንድ ዓይነት ነው።

"ወዴት ነው?"

"ከብት ላበላ።"

"ጉልበትህ ላይ ያለው ሳህን ኮላች አይደል እንዴ?"

"ከብቶቹ ጣፋጭ ይወዳሉ።"

ዳሬል ከእነዚያ መሐላቸው ፍሬ ከተሞላ ጣፋጭ ዳቦዎች አንዱን ያነሳል፣ የፕሪም ማርማላታውን ይልሳል፣ ይሸኘኛል። ሕግ በእኛ ዘንድ እንዲህ ነበር የሚከበረው።

ክቡርነታቸው ይህን ነገር ጥርስ ነከሱበት። በአውራጃው ስብሰባ ላይ ተነሥተው፣ ባርኔጣቸውን አውልቀው፣ "ሦስት ዓመት መጠጥ ቤት የተመላለሰ ድርቆሽ የእርሻ ግብዓት አይደለም፤ ደንበኛ ነው" አሉ። አዳራሹ በሳቅ ተናጋ። እሳቸው አልሳቁም። ወረቀቱን ከላስቲኩ አውጥተው፣ "ደግሞም ቀዳዳዋ መንጃ ፈቃድን አትጨምርም፤ አንቀጹን እስከ መጨረሻው ያነበበ አለ?" ብለው ጠየቁ። ያነበበ አልነበረም። ማንም እንደሚያነብም ቃል አልገባም።

በማግሥቱ በራቸው ላይ አንድ እስር ድርቆሽ ተቀምጦ አገኙ፤ እላዩ ላይ ረጅም ዘንግ ተሰክቶ፣ በዘንጉም ጫፍ ብርቱካናማ ባንዲራ። ያስቀመጥኩት እኔ ነኝ፤ አሁን ብናገር የሚጎዳኝ የለም። ከመንገድ ማዶ ሆኜ ስመለከት ሜትራቸውን አወጡ። ከታች እስከ ላይ ለኩ። ከዚያ ማንም ሳይጠይቃቸው ወደ መንገዱ ዞረው ጮክ ብለው፣ "ይኼኛው ትክክል ነው" አሉ። ድርቆሹን ለጎረቤት ፍየል ሰጡ፣ ባንዲራውን አስቀመጡት።

አሁን ወደ አግነስ ቫቭራ ልምጣ። እስካሁን ስቀልድ የቆየሁት እዚህ መድረስ ስላልፈለግኩ ነው።

ወይዘሮ አግነስ ሰማንያ ሦስት ዓመታቸው ነበር። ባለቤታቸው ላዲ ቫቭራ በጉልበታቸው ዘመን የአውራጃው መንገድ ሥራ አለቃ ነበሩ፤ ለኤልድን ግሬደር ያስተማሩት፣ "ጎማው ካልሞተ አልቆምክም" የምትለውንም ያወረሷቸው እሳቸው ናቸው። ባለፈው ክረምት የላዲ ጭንቅላት ውስጥ ደም ፈሰሰና አንድ ጎናቸው ዝሎ ቀረ፤ ሐሳባቸውም መጣ ሄደ ማለት ጀመረ። ከአውራ ጎዳናው ማዶ፣ ዘጠኝ ማይል ርቆ ያለው የአረጋውያን ቤት አስገቧቸው። እዚያ ከማንም እጅ አልበላም አሉ። ነርሷ ማንኪያ ስታቀርብ ጥርሳቸውን ይገጥማሉ። የሚበሉት ከአግነስ እጅ ብቻ ነው፤ ያም በቀን አንዴ፣ ምሳ ላይ።

ወይዘሮ አግነስ ደግሞ በሚያዝያ መንጃ ፈቃዳቸውን ተነጥቀዋል። ዓይናቸው ዳር ዳሩን ያያል እንጂ መሐሉን ትቶታል፤ ያነጣጠሩበትን ነገር አያዩም። ልጆቻቸው የአውሮፕላን መንገድ ርቀው ነው ያሉት። አውቶቡስ የሚባል ነገር እዚህ የለም። ነገሩ እንዲህ ግልጽ ነበር፤ አግነስ በየቀኑ ካልሄዱ ላዲ አይበሉም።

የላዲን የማሳ መኪና ከጎተራው አወጡ። ድርቆሹን መርጬ የጫንኩላቸው፣ በገመድ አጥብቄ ያሰርኩላቸው እኔ ነኝ። የሚሉትንም ያስጠናኋቸው እኔው ነኝ።

"ዳሬል ቢያስቆምዎት ምን ይላሉ?"

"ጥጃ ላበላ።"

"ጥጃው የት ነው ቢልዎትስ?"

"ሰማንያ ስድስት ዓመቱ ነው፣ ጥርስ የለውም እለዋለሁ" አሉና ቀኝ ጉንጬን መታ መታ አደረጉኝ። "አንተ ጋዜጠኛ፣ የማትረባ ብትሆንም ቋጠሮ ታውቃለህ።"

ዳሬል አላስቆማቸውም። ረፋድ አምስት ሰዓት ገደማ ሲሆን መኪናውን ወደ ጎን መንገድ አስገብቶ ፊቱን ወደ በቆሎው ያዞር ነበር። ባለ ነዳጅ ማደያው የማሳ መኪናቸውን ነዳጅ በነፃ ይሞላል። ሁላችንም እናውቃለን፣ ሁላችንም ዝም ጭጭ ብለናል፤ ዝም በማለታችንም ኮርተናል። ደግ ሰዎች ነን ብለን ነበር።

ዝም ያላሉት አንድ ሰው ብቻ ናቸው።

እሑድ ቀን ቤተ ክርስቲያን ደጅ ነው። ክቡርነታቸው ሜትራቸውን ይዘው የአግነስ የማሳ መኪና አጠገብ ቆመዋል፤ የሚለኩት ባንዲራ ግን የለም።

"ወይዘሮ አግነስ፣ ይቅርታ ያድርጉልኝና ይኼ ነገር…"

"ኤልድን፣ የደከመው ዓይኔ ነው እንጂ ጆሮዬ አይደለም። ነገረኛነትህን ከዚህ እሰማዋለሁ።"

"ድርቆሽ መንጃ ፈቃድ አይሆንም። እኔ በፒክአፔ አደርስዎታለሁ። በየቀኑ። አራት ሰዓት ከአርባ ላይ በርዎ ላይ እገኛለሁ።"

"አንተ? አንተ ፒክአፑን እንደ ግሬደር ነው የምትነዳው። ከአንተ ጋር ከሄድኩ ላዲ ምሳውን እራት ላይ ይበላል!"

ደጁ ሁሉ ሳቀ። ከሁሉ አስበልጬ የሳቅኩት እኔ ነበርኩ። ሳቁ ሲያልቅ ወይዘሮ አግነስ ድምፃቸውን ዝቅ አድርገው ያሉትን የሰማን ግን አጠገባቸው የነበርን እኔና ኤልድን ብቻ ነን።

"ስልሳ ዓመት ወደ እሱ በራሴ እግር ነው የሄድኩት፣ ኤልድን። አሁን ዕቃ ሆኜ አልጫንለትም።"

ኤልድን የሕጉን ቅጂ ከኪሳቸው አውጥተው መልሰው ከተቱት። ወደ ፒክአፓቸው ሄደው ባንዲራ ይዘው ተመለሱ። ያቺን የእኔን ባንዲራ ነው፣ ለማላገጥ በራቸው ላይ የሰካሁትን። ከአግነስ የማሳ መኪና ብረት ጋር በሁለት ብሎን አሰሯት። "ቢያንስ ይታዩ" አሉ። ከዚያ ለኩት።

ከዚያ ቀን ጀምሮ የአረጋውያኑ ቤት ነርስ አንድ ነገር አስተዋለች። የላዲ መስኮት ወደ ጠጠሩ መንገድ ነው የሚያየው። ከበቆሎው በላይ ብርቱካናማዋ ነገር እየተወዛወዘች ስትመጣ ላዲ ከትራሳቸው ቀና ይላሉ። አግነስ ከመድረሳቸው በፊት አፋቸውን ከፍተው ይጠብቃሉ።

በጥቅምት፣ አዝመራ ላይ፣ ሆነ። በረጅሙ አልናገረውም። አውራ ጎዳናው መሻገሪያ ጥግ ላይ ያለው በቆሎ ገና አልታጨደም ነበር፤ ከሰው ቁመት በላይ ደርቆ ቆሟል። እህል የጫኑ የጭነት መኪናዎች ቀኑን ሙሉ ይመላለሳሉ። ሹፌሩ የሌላ አውራጃ ሰው ነው፤ ጥፋት የለበትም። "ቀዝቀዝ አለች፣ አይታኛለች ብዬ…" አለና ሳይጨርሰው መንገዱ ዳር ተቀመጠ። ቀዝቀዝ ብለው ነበር፤ እንደ ሁላችንም። እዚያ መሻገሪያ ላይ ማናችንም ቆመን አናውቅም።

ስደርስ አግነስን ወስደዋቸዋል። የማሳ መኪናዋ ቦይ ውስጥ ተገልብጣለች። ድርቆሹ ግን በአውራ ጎዳናው በሁለቱም በኩል ተበትኖ ነበር፣ ያ እኔ ያሰርኩት ድርቆሽ፤ ገመዱ ቋጠሮውን እንደያዘ በአንድ በኩል ተበጥሷል። ዳሬል ባርኔጣውን በሁለት እጁ ይዞ ቆሟል። አቶ ኤልድን መንሽና መጥረጊያ ይዘው መንገዱን ይጠርጋሉ። ማንም አልጠራቸውም፤ መንገድ ላይ ነገር ሲበተን መጥረግ የሠላሳ አንድ ዓመት ሥራቸው ነው። ቀና ብለው አላዩኝም። አስፋልቱን ከዳር እስከ ዳር ጠርገው ሲጨርሱ ያቺን ባንዲራ ከነዘንጓ ከቦዩ አውጥተው፣ በመሐረባቸው ጠርገው ይዘዋት ሄዱ።

የወይዘሮ አግነስ ቀብር ላይ ሁላችንም ኤልድንን ነበር የምንጠብቀው። "ብያችሁ ነበር" እስኪሉን። በቤተ ክርስቲያኑ አዳራሽ በኮላቹና በቡናው መሐል ሳህናችንን ይዘን፣ አንገታችንን ሰብረን ጠበቅን። ይገባን ነበርና። አንድም ቃል አልተናገሩም። የመጡትን የማሳ መኪናዎች እንኳ አልለኩም። ይኼ ዝምታ እንዴት እንደከበደኝ የማውቀው እኔ ነኝ።

በሦስተኛው ቀን አላስችል ብሎኝ ቤታቸው ሄድኩ።

"ንገሩኝ" አልኳቸው። "ድርቆሹን የጫንኩት እኔ ነኝ። ንገሩኝና ይውጣልኝ።"

የላስቲኩን መሸፈኛ ከግራ ኪሳቸው አወጡ። እንግዲህ አንቀጹ ሊነበብልኝ ነው ብዬ ተዘጋጀሁ። ከሕጉ ቅጂ ኋላ ግን ሌላ ወረቀት ነበር። ለሸሪፉ የሚቀርብ የጥቆማ ቅጽ ነው፤ ያለ መንጃ ፈቃድ የሚነዱ ሰው እንዲታገዱ የሚጠይቅ። የአግነስ ስም፣ መንገዱ፣ ሰዓቱ፣ ሁሉም በዚያ ግሬደር በሚመስል ጽሑፋቸው ተሞልቷል። የተጻፈው በመስከረም ነው።

"ዘጠኝ ቀን ቢሮው ደጅ ድረስ ሄጃለሁ" አሉ። "ዘጠኝ ጊዜ ሞተሩን ሳላጠፋ ተመልሻለሁ።"

"ለምን?"

"የአለቃ ምሳ ትዝ እያለኝ።" ወረቀቱን አጥፈው አጥፈው የክብሪት ሳጥን አሳከሉት። "በሕይወቴ ወረቀቱን የተውኩት አንዴ ነው። አንዴ።"

እኔ ሕጉን የጣስኩት ስቄ ነው፣ እሳቸው ጨንቋቸው ነው፤ አግነስን ግን ሁለታችንም እኩል አሳልፈናቸዋል። ቤቴ ገብቼ ያቺን የሦስት ዓመት እስር ድርቆሼን ፈትቼ ለጎረቤቴ ላም ጣልኩላት። አሽታ ትታት ሄደች።

ላዲስ? ልጆቻቸው ነግረዋቸዋል። አልቅሰው፣ በማግሥቱ ረስተው "አግነስስ?" ብለዋል። እንደገና ሲነገራቸው እንደገና ያንኑ ያህል አለቀሱ። ከዚያ በኋላ ደግሞ የሚነግራቸው ጠፋ። ነርሷ ማንኪያ ስታቀርብ ጥርሳቸውን ገጠሙ። አራት ቀን ውኃ ብቻ ነው የጠጡት። ዓይናቸው ከመስኮቱ አይነሣም።

በአምስተኛው ቀን፣ ረፋድ አራት ሰዓት ከአርባ ላይ፣ ክቡር አቶ ኤልድን ዶልዛል ያቺን ባንዲራ በራሳቸው የማሳ መኪና ላይ በሁለት ብሎን አስረው ወጡ። ፒክአፑ ግቢያቸው ውስጥ ነበር፤ ማሞቂያም አለው። በፒክአፕ ግን ባንዲራ አይታይም።

ይኸው እስከ ዛሬ ይሄዳሉ። ባለፈው ሳምንት በረዶ እየጣለ፣ "ይዘውኝ ይሂዱ" አልኳቸው። ቀበቶ አስረው፣ እኔንም አሳስረው፣ ቀበቶዬን ሳብ አድርገው አረጋግጠው ተነሣን። በሰዓት በሃያ ማይል ነው የሄድነው። አፍንጫዬ ደነዘዘ። መሻገሪያው ላይ ስንደርስ ቆሙ። በቆሎው ታጭዷል፤ በግራም በቀኝም ዓይን እስከሚደርስበት ድረስ አውራ ጎዳናው ላይ አንዲት መኪና የለችም። ቆምን። ጎማው ሞተ። እሳቸው ወደ ግራ አዩ፣ ወደ ቀኝ አዩ፣ እንደገና ወደ ግራ አዩ። ድሮ ቢሆን አሾፍ ነበር። እኔም ወደ ግራና ወደ ቀኝ አየሁ።

ክፍሉ ስንገባ ላዲ ቀና ብለዋል፤ ባንዲራዋን አይተዋታል። ኤልድን ባርኔጣቸውን አውልቀው፣ እጃቸውን ታጥበው፣ የድንቹን ሾርባ ቀድተው አልጋው ጫፍ ላይ ተቀመጡ። ማንኪያውን እፍ ብለው አቀረቡ። ላዲ አፋቸውን አልከፈቱም።

"አግነስስ፣ አንተ ልጅ?"

እዚህ ላይ ልጠይቃችሁ። ያልተጻፈ ነገር በአፉ ወጥቶ የማያውቅ፣ የቄስ ባንዲራ በአራት ጣት አጠረ ብሎ የሚከራከር ሰው ምን ይላል?

"መንገዱ ላይ ግሬደር ገብቷል፣ አለቃ" አሉ ኤልድን። "ጠጠሩን እየደለደሉት ነው። እሳቸው መሻገሪያው ላይ ሆነው እስኪያልፍላቸው እየጠበቁ ነው።"

ላዲ አሰቡበት። የመንገድ ሰው ናቸውና ግሬደር ሲገባ ሰው እንደሚጠብቅ ይገባቸዋል።

"ቆማለች?"

"ቆመዋል።"

"ሙሉ በሙሉ?"

ኤልድን ማንኪያውን ወደ ሳህኑ መልሰው እንደገና ሞሉት።

"ሙሉ በሙሉ፣ አለቃ። ጎማው ሞቷል።"

ላዲ አፋቸውን ከፈቱ።

ስንመለስ መሻገሪያው ላይ ደረስን። እዚያ ቆመን ግራ ቀኙን ካየን በኋላ፣ "ይኼንን ጋዜጣህ ላይ እንዳትጽፈው" አሉኝ። ለምን ብዬ ብጠይቃቸው፣ "ወረቀቱ ላይ የለም" አሉ። በየቀኑ ነው የሚዋሹት፤ በየቀኑ ያንኑ ግሬደር ያንኑ መንገድ ላይ ያስገባሉ፤ ሲመለሱ እስከ ቤታቸው ፊታቸው እንደ አመድ ነው።

ክቡር ያልኳቸው ለማላገጥ ነበር። አሁን ሌላ መጠሪያ አፌ ላይ አይመጣልኝም። እንዳትጽፍ ያሉኝን ስለጻፍኩ፣ ሐሙስ ጋዜጣው እንደደረሳቸው ሜትራቸውን ይዘው ደጄ ላይ እንደሚቆሙ፣ በድርቆሹ ፈንታ የሰቀልኩትን ባንዲራ ለክተው፣ ጉሮሯቸውን ጠርገው ስንት ቦታ እንደተሳሳትኩ ሊነግሩኝ እንደሚጀምሩ አውቃለሁ። ምድጃው አጠገብ ሁለተኛ ወንበር አስቀምጬላቸዋለሁ፤ ጀምረው እስኪጨርሱ ድረስ እሰማቸዋለሁ።